የዘር ፍሬ እብጠት ምርመራ በጎንደር፦ ከእጅ ዳሰሳ እስከ አልትራሳውንድ

የወንድ የዘር ፍሬ በድንገት አብጦ ሲያም ሐኪሙ ከሁሉ አስቀድሞ ሊመልሰው የሚገባ አንድ ጥያቄ አለ፤ ፍሬው በኢንፌክሽን ተቆጥቶ ነው ወይስ የተንጠለጠለበት ገመድ ተጠማዝዞ ደም ተቋርጦበት? የመጀመሪያው በመድኃኒት የሚድን፣ ቀናትን የሚታገሥ ሕመም ነው። ሁለተኛው በሰዓታት ውስጥ ቀዶ ሕክምና ካላገኘ ፍሬው ይሞታል። ከውጭ ለሚያይ ግን ሁለቱ ይመሳሰላሉ፤ ቆዳው ይቀላል፣ ፍሬው ያለበት ከረጢት ያብጣል፣ ሕመሙ ወደ ብሽሽትና ወደ ሆድ ይወጣል፣ አንዳንዴም ያስመልሳል። በጎንደርና በዙሪያዋ ባለው ደጋ ይህ ጥያቄ ለረጅም ዘመን የተመለሰው በዓይንና በእጅ ነበር፤ ቀጥሎ በመማሪያ መጽሐፍና በሕክምና መመሪያ፣ በቅርቡ ደግሞ በድምፅ ሞገድ። የድምፅ ሞገዱ መሣሪያ ወደ አገር የገባው ለነፍሰ ጡር እናቶችና ለሆድ ሕመም ተብሎ እንጂ ለወንዶች ታስቦ አልነበረም። ይህም እስከ ዛሬ በአገልግሎቱ ላይ አሻራውን ትቷል።

ከዘር ፍሬው ጀርባ ኤፒዲዲሚስ የሚባል፣ ቢዘረጋ ብዙ ሜትር የሚሆን ጥቅልል ቱቦ አለ። አብዛኛው ኢንፌክሽን የሚጀምረው ከዚህ ነው። ተሕዋስያኑ ከሽንት ቧንቧ ተነሥተው የዘር መተላለፊያውን ይዘው ወደ ኋላ ይመጣሉ፤ መጀመሪያ ቱቦው ያብጣል፣ ቀጥሎ ፍሬው ራሱ ይቆጣል። ምክንያቱ እንደ ዕድሜው ይለያያል። በወጣቶችና በጎልማሶች ዘንድ ዋናዎቹ ጨብጥና ክላሚዲያ ናቸው። በአረጋውያን ፕሮስቴት አብጦ ሽንት ሲያግት የሽንት ቧንቧ ባክቴሪያ ይከተላል። ጆሮ ደግፍ ከዚህ ሥርዓት ውጭ ነው፤ ቫይረሱ በደም በኩል ደርሶ በቀጥታ ፍሬውን ይመታል። የቲቢና የብሩሴሎሲስ ነገር ደግሞ ለብቻው መታየት የሚገባው ስለሆነ ወደፊት ይመጣል።

ጎንደር ፋሲለደስ እ.ኤ.አ. በ1636 መናገሻው ካደረጋት ጀምሮ የሕክምና ዕውቀት የሚጎርፍባት ከተማ ነበረች። ፈረንሳዊው ሐኪም ሻርል ፖንሴ ከካይሮ ተነሥቶ እ.ኤ.አ. በ1699 የደረሰው ታላቁን ኢያሱን ከቆዳ ሕመም ሊፈውስ ነው። ስኮትላንዳዊው ጄምስ ብሩስ ደግሞ እ.ኤ.አ. በ1770 ሲገባ ከተማዋን ፈንጣጣ ይዟት ስለነበር፣ በእቴጌ ምንትዋብ ቁስቋም ግቢ የታመሙትን በማከም ነው መወደድ የጀመረው። ከእነዚህ እንግዶች ይልቅ ግን የሕዝቡ ሕክምና በደብተራውና በመድኃኒት አዋቂው እጅ ነበር። በብራና የተጻፉት የመድኃኒት መጻሕፍት ሥሩን፣ ቅጠሉን፣ ልኩንና የሚወሰድበትን ቀን ይዘረዝራሉ። ፖላንዳዊው ሊቅ ስቴፋን ስትረልሲን መርምሮ እ.ኤ.አ. በ1968 እና በ1973 ባሳተማቸው ጥራዞች እንደሚታየው፣ የአባላዘር በሽታዎች በእነዚህ መጻሕፍት ውስጥ ሰፊ ቦታ አላቸው። እንዶድም በብዙ የኢትዮጵያ አካባቢ ለጨብጥ ሲሰጥ የኖረ ተክል ነው።

የከረጢት እብጠት በሕዝቡ ዘንድ በአብዛኛው በአንድ ስም ይጠራል፤ ቡአ። አንጀት በብሽሽት ወርዶ ሲገባም፣ በፍሬው ዙሪያ ውሃ ሲቋጠርም፣ ፍሬው ራሱ ሲያብጥም ሰው ቡአ ወጣበት ይባላል። ይህ የሕዝቡ ስሕተት አልነበረም፤ በዓይን ብቻ ሲታይ ከዚያ በላይ መለየት አይቻልም። መንስኤው ግን በሌላ መንገድ ይተረጎም ነበር። ጨብጥ ጨረቃ ፊት ለፊት ከመሽናት፣ እብጠት ከብርድ ወይም ከባድ ሸክም ከማንሣት ይመጣል የሚለው እምነት ከከተማም ከገጠርም ገና አልጠፋም። ከሁሉ የከፋ ጉዳት ያደረሰው ግን እፍረቱ ነው። ወንድ ልጅ ሕመሙን ለእናቱ አይናገርም፤ አባትም ለልጁ አይገልጥም። ጋቢ ተከናንቦ በር ዘግቶ የሚተኛው ሰው ወደ ሐኪም የሚመጣው መቀመጥ ሲያቅተው ነው። ይህ መዘግየት ከማንኛውም የመሣሪያ እጦት ባልተናነሰ ብዙ ፍሬ አጥፍቷል።

ዘመናዊው ሕክምና በጎንደር ሥር የሰደደው በወረርሽኝ ምክንያት ነው። እ.ኤ.አ. በ1953 በደንቢያ ሜዳ የተነሣው ወባ ሰባት ሺህ ያህል ሰው ፈጀ። በማግስቱ ዓመት፣ እ.ኤ.አ. በ1954፣ የኢትዮጵያ መንግሥት ከዓለም ጤና ድርጅት፣ ከዩኒሴፍና ከአሜሪካ የቴክኒክ ዕርዳታ ጋር ሆኖ የጎንደርን የሕዝብ ጤና ኮሌጅ ከፈተ። ዛሬ ማራኪ፣ ቴዎድሮስና ፋሲል የሚባሉ ግቢዎች ያሉት ዩኒቨርሲቲ ያደገው ከዚህ ኮሌጅ ነው። ኮሌጁ ሐኪም አላስመረቀም፤ ያሠለጠነው ጤና መኮንን፣ የኅብረተሰብ ነርስና ሳኒታሪያን ነው። ሦስቱ በቡድን ሆነው ወደ ጤና ጣቢያ ይላካሉ፤ የመጀመሪያዎቹ ጤና መኮንኖች እ.ኤ.አ. በ1957 ተመረቁ። ሐሳቡ ለዘመኑ ድፍረት ነበረው፤ ሐኪም በጣት በሚቆጠርበት አገር ብዙውን ሕመም በጤና ጣቢያ ደረጃ መርምሮ ማከም የሚችል ባለሙያ ማፍራት።

ያ ጤና መኮንን የታመመ ፍሬ ሲቀርብለት የነበረው መሣሪያ እጁና ባትሪው ነው። አሠራሩ ሥርዓት ነበረው። በመጀመሪያ በሽተኛውን አቁሞ ያየዋል፤ አንዱ ፍሬ ከሌላው ከፍ ብሎ ወይም አግድም ተኝቶ ከሆነ መጠማዘዝን ይጠረጥራል። ቀጥሎ ጤነኛውን ይዳስሳል፤ ጤነኛው የሚዳሰሰው የታመመው የሚነጻጸረው በእሱ ስለሆነ ነው። ከዚያ ሁለቱን ጣቶቹን ከእብጠቱ በላይ ለማገናኘት ይሞክራል። ጣቶቹ ገመዱን ብቻ ከያዙ እብጠቱ ከከረጢቱ ውስጥ የመነጨ ነው፤ መገናኘት ካቃታቸው ከሆድ የወረደ አንጀት ነው። ቀጥሎ መስኮቱ ይዘጋል፣ ክፍሉ ይጨልማል፣ ባትሪው ከከረጢቱ ጀርባ ይበራል። ውሃ ብቻ ከሆነ ከረጢቱ እንደ ፋኖስ መስታወት ቀይ ሆኖ ያበራል፤ ደም፣ መግል ወይም ጠጣር ዕጢ ካለ ብርሃኑ አያልፍም። በመጨረሻ ፍሬውን በመዳፉ ወደ ላይ ደግፎ ያነሣዋል። አሜሪካዊው ሐኪም ፕሬን እ.ኤ.አ. በ1934 እንደጻፈው፣ ሲነሣ ሕመሙ ከቀለለ ኢንፌክሽን፣ ካልቀለለ መጠማዘዝ ነው ይባል ነበር።

ይህ የዳሰሳ ጥበብ የሚናቅ አይደለም፤ በጥሩ እጅ ብዙ ሰው አድኗል፣ ዛሬም የመሣሪያው ምርመራ የሚመሠረተው በእሱ ላይ ነው። ወሰኑ ግን ግልጽ ነበር። የፕሬን ምልክት ብዙ ጊዜ ያሳስታል። የጭን ውስጠኛው ቆዳ ሲነካ ፍሬው ወደ ላይ መሳቡ ከሁሉ ይሻላል ቢባልም፣ ጤነኛ ሆነው የማይሳብላቸው ልጆች አሉ። ሲያብጥና ሲያም ደግሞ በሽተኛው አያስነካም፤ ከአንድ ቀን በኋላ ቱቦውና ፍሬው አንድ ላይ ተጣብቀው ድንጋይ ስለሚመስሉ የትኛው የት እንዳለ ጣት አይለየውም። በሌላ በኩል ስለ መንስኤው የነበረው ዕውቀትም ጎዶሎ ነበር። በወጣቶች ላይ ጨብጥ ሳይገኝ የሚመጣውን የኤፒዲዲሚስ መቆጣት ሐኪሞች መንስኤው ያልታወቀ እያሉ ለብዙ ዓመት ያልፉት ነበር። አብዛኛውን የሚያመጣው ክላሚዲያ መሆኑን አሜሪካዊው በርገርና ባልደረቦቹ ያሳዩት እ.ኤ.አ. በ1978 ነው።

በዚያው በ1978 እ.ኤ.አ. ጎንደር ሐኪም ማሠልጠን ጀመረች። ኮሌጁ በዚያን ጊዜ ካርል ማርክስ ይባል ከነበረው ከላይፕዚግ ዩኒቨርሲቲ ጋር ተጣምሮ የሕክምና ፋኩልቲ ሆነ፤ የምሥራቅ ጀርመን መምህራንም ከኢትዮጵያውያኑ ጋር አስተማሩ። ለተጠማዘዘ ፍሬ ይህ ትልቅ ለውጥ ነበር፤ ከጤና ጣቢያ የተላከ በሽተኛ ቀዶ ሐኪም የሚያገኝበት የማስተማሪያ ሆስፒታል በአቅራቢያው ኖረ ማለት ነው። የቀዶ ሐኪሞች ሕግ በየትም አገር አንድ ነበር፤ ከተጠራጠርክ ክፈት። ሕጉ ትክክለኛ ነው፤ ሳይከፍቱ ቀርቶ ፍሬ ከመግደል ከፍቶ ኢንፌክሽን ማግኘት ይሻላል። ይሁን እንጂ በመድኃኒት ሊድን የሚችል ወጣት በከንቱ ይሰነጠቃል፣ የቀዶ ክፍል ይያዛል፣ ማደንዘዣ ይባክናል። ሀብታም አገሮች በዚያ ዘመን ጥርጣሬውን ለመቀነስ ራዲዮአክቲቭ ንጥረ ነገር በደም ሥር ሰጥተው የፍሬውን የደም ፍሰት በካሜራ ይከታተሉ ነበር። በኢትዮጵያ ግን እንዲህ ያለው የኑክሌር ሕክምና ከአዲስ አበባ አልወጣም።

መፍትሔው የመጣው ከባሕር ጦርነት ነው። ፒየርና ዣክ ኩሪ እ.ኤ.አ. በ1880 አንዳንድ ክሪስታሎች ሲጫኑ ኤሌክትሪክ እንደሚያመነጩ አገኙ፤ ክሪስታሉ በኤሌክትሪክ ሲነካ ደግሞ ይርገበገባል፣ ድምፅም ያወጣል። ፖል ላንዥቫን በአንደኛው የዓለም ጦርነት ይህንኑ ተጠቅሞ በውሃ ውስጥ የተደበቀ ሰርጓጅ መርከብ በማሚቶው የሚያገኝ መሣሪያ ሠራ። በሁለተኛው ጦርነት በእንግሊዝ አየር ኃይል ያገለገለው የግላስጎው የማሕፀን ሐኪም ኢያን ዶናልድ፣ የብረት ስንጥቅ ለማግኘት ፋብሪካ የሚጠቀምበትን መሣሪያ በሴቶች ሆድ ላይ ሞከረ። ከመሐንዲሱ ቶም ብራውንና ከሐኪሙ ጆን ማክቪካር ጋር ውጤቱን በላንሴት መጽሔት ያወጡት በሰኔ ወር 1958 እ.ኤ.አ. ነው። ውሃ ያለው እጢና ጠጣር እጢ በማሚቶ እንደሚለዩ አሳዩ። በጤና ጣቢያው ጨለማ ክፍል ባትሪ ይሠራው የነበረውን ሥራ ማለት ነው፤ ልዩነቱ ይኸኛው ጠጣሩ ውስጥም ገብቶ ማየቱ ነው።

ለዘር ፍሬ ግን ሌላ አሥራ ስድስት ዓመት ወስዷል። ሚስኪንና ቤይን የተባሉ የካናዳ ሐኪሞች ከረጢቱን በአልትራሳውንድ መርምረው ያሳተሙት እ.ኤ.አ. በ1974 ነው። ያኔ ምስሉ ሻካራ ነበር፤ ውሃውን ከፍሬው ይለያል እንጂ ተጠማዝዞ ይሁን ተቆጥቶ አይናገርም። ያንን የሚናገረው የደም ፍሰት ነው። ክርስቲያን ዶፕለር እ.ኤ.አ. በ1842 የሚቀርብና የሚርቅ ነገር የሞገዱን ድግግሞሽ እንደሚለውጥ ገልጾ ነበር፤ በጃፓን ኦሳካ ሳቶሙራ የተባለ ተመራማሪ በ1950ዎቹ መጨረሻ ይህን ሕግ በልብና በደም ሥር ላይ አዋለው፤ በ1980ዎቹ ደግሞ የጃፓን መሐንዲሶች ፍሰቱን በቀይና በሰማያዊ ቀለም ምስሉ ላይ ማሳየት ቻሉ። ሚድልተን የተባለ ተመራማሪና ባልደረቦቹ እ.ኤ.አ. በ1990 ይህን ከለር ዶፕለር የተባለ ዘዴ ከራዲዮአክቲቩ ምርመራ ጋር ሲያወዳድሩ ቢያንስ እኩል ሆኖ አገኙት። ከዚያ ወዲህ በብዙው ዓለም ያ የኑክሌር ምርመራ ለዚህ ጉዳይ እየተተወ መጣ። ዋናው ለውጥ ይህ ነው፤ ቅርጽ ከሚያሳይ መሣሪያ ደም መኖር አለመኖሩን ወደሚያሳይ መሣሪያ መሸጋገር።

በኢትዮጵያ አልትራሳውንድ መጀመሪያ የተተከለው በትልልቆቹ ሆስፒታሎች ሲሆን፣ የተገዛበትም ዓላማ ጽንስን፣ ሐሞትን፣ ጉበትንና ኩላሊትን ለማየት ነበር። ከመሣሪያው ጋር የመጣውም ፕሮብ፣ ማለትም ቆዳ ላይ የሚያርፈው ክፍሉ፣ ለዚሁ ሥራ የሚሆነው ነው፤ ግንባሩ የጎበጠ፣ በ3.5 ሜጋኸርዝ ገደማ የሚሠራ። ነገሩ ቴክኒካዊ ቢመስልም የዚህ ታሪክ ቁልፍ እዚህ ስላለ ሊብራራ ይገባል። የድምፅ ሞገድ ድግግሞሹ ዝቅ ሲል ጠልቆ ይሄዳል፣ የሚያሳየው ግን ሻካራ ምስል ነው፤ ድግግሞሹ ከፍ ሲል ጥራቱ ይጨምራል፣ ነገር ግን ጥቂት ሴንቲ ሜትር ሄዶ ይደክማል። ጽንስ ከቆዳ አሥርና አሥራ አምስት ሴንቲ ሜትር ሊርቅ ስለሚችል ዝቅተኛው ይመረጣል። የዘር ፍሬ ከቆዳው ሥር አንድ ሴንቲ ሜትር እንኳ አይርቅም። ስለዚህ ለእሱ የሚሆነው ግንባሩ ቀጥ ያለ፣ ከ7 እስከ 15 ሜጋኸርዝ ወይም ከዚያ በላይ የሚሠራው ሊኒየር ፕሮብ ነው። መሣሪያ አለ የተባለበት ሆስፒታል ሁሉ ታዲያ የዘር ፍሬ ምርመራ አለው ማለት አይደለም። በጎበጠው ፕሮብ ትልቅ ውሃ ወይም የወረደ አንጀት ይታያል፤ በትንሽ ልጅ ፍሬ ውስጥ ደም መኖሩን ግን በእሱ አምኖ መናገር አደገኛ ነው።

ዛሬ በጎንደር ዩኒቨርሲቲ ሆስፒታል ራዲዮሎጂ ራሱን የቻለ የስፔሻሊቲ ሥልጠና ሆኗል፤ በከተማው የግል ክሊኒኮችም አልትራሳውንድ የተለመደ አገልግሎት ነው። ትክክለኛ ምርመራ የሚካሄደው እንዲህ ነው። በሽተኛው በጀርባው ይተኛል፤ ከከረጢቱ ሥር የተጠቀለለ ፎጣ ገብቶ ይደግፈዋል፤ ብልቱ ወደ ሆዱ ተነሥቶ በጨርቅ ይሸፈናል። ከረጢቱ ላይ የሚቀባው ጄል ሞቅ ያለ ቢሆን ይመረጣል፤ ቀዝቃዛ ሲሆን ከረጢቱ ስለሚኮማተር ምርመራውን ያስቸግራል። መጀመሪያ የሚታየው ጤነኛው ወገን ነው፤ የመሣሪያው መለኪያ በእሱ ይስተካከላል፣ የታመመውም የሚፈረደው በእሱ ነው። የድሮው ጤና መኮንን ሕግ እዚህም አልተሻረም። የአዋቂ ጤነኛ ፍሬ ከ4 እስከ 5 ሴንቲ ሜትር ርዝመት አለው፤ በስክሪኑ ላይ እንደ ተጣራ ዱቄት አንድ ወጥ ግራጫ ሆኖ ይታያል። ከላዩ የተቀመጠው የኤፒዲዲሚስ ራስ ከ10 እስከ 12 ሚሊ ሜትር አይበልጥም።

ቱቦው ሲቆጣ ይወፍራል፣ ምስሉም ይጠቁራል፤ ከለር ዶፕለር ሲከፈት ጤነኛው ወገን ጥቂት ነጠብጣብ ቀለም ባሳየበት ቦታ የታመመው በቀይና በሰማያዊ ይጥለቀለቃል። መቆጣቱ ወደ ፍሬው ከተሻገረ ፍሬው ይተልቃል፣ ግራጫው ወጥነቱን ያጣና ጥቁር ጥቁር ቦታ ያበጅበታል፣ ደሙም ይበዛል። በዙሪያው ቀጭን ውሃ ይቋጠራል፤ የከረጢቱ ግድግዳ ይወፍራል። ውሃው ውስጥ የሚንሳፈፍ ደቃቅና ክር የመሰለ መጋረጃ ከታየ መግል ሆኗል ማለት ነውና ነገሩ ወደ ቀዶ ሐኪም ይሄዳል። የተጠማዘዘ ፍሬ ግን የዚህ ተቃራኒ ነው፤ ጤነኛው ቀለም እያሳየ የታመመው ፍሬ ባዶ ይሆናል፤ ገመዱ ከላይ ሲታይ እንደ አዙሪት ተጠቅልሏል። በዚህ ጊዜ መርማሪው ሪፖርት ጽፎ ለተራ ማስቀመጥ የለበትም፤ ስልክ ማንሣት ነው ያለበት።

የሚያሳስቱ ሁኔታዎችም አሉ። በግማሽ የተጠማዘዘ ገመድ ትንሽ ደም ያሳልፋል። ተጠማዝዞ በራሱ የተፈታ ፍሬ ደም ስለሚጎርፍበት ኢንፌክሽን ይመስላል። ከባድ ኢንፌክሽን ደግሞ በእብጠቱ ብዛት የደም ሥሩን አጣብቆ ፍሬውን ሊያደርቀው ይችላል፤ በዚህ ጊዜ መጠማዘዝ ይመስላል። ካንሰርም አንዳንዴ ኢንፌክሽን መስሎ ይቀርባል፤ ስለዚህ እብጠቱ በመድኃኒት ያልጠፋ ሰው ከሳምንታት በኋላ ተመልሶ ሊታይ ይገባል። ምስሉ ከታሪኩና ከዳሰሳው ጋር ካልተነበበ እንግዲህ ብቻውን ፍርድ አይሰጥም።

ለሰሜን ጎንደር ደጋ በተለይ የሚነሡ ሦስት ሕመሞች አሉ። የመጀመሪያው ጆሮ ደግፍ ነው። ሂፖክራጥስ ከክርስቶስ ልደት በፊት በአምስተኛው መቶ ዓመት በታሶስ ደሴት የጉንጭና የፍሬ እብጠት አብሮ መምጣቱን ጽፎት ነበር። ለአቅመ አዳም ከደረሱ በኋላ ጆሮ ደግፍ ከያዛቸው ወንዶች ከ100 ውስጥ ከ15 እስከ 30 በሚሆኑት ላይ ፍሬው ይቆጣል፤ ብዙውን ጊዜ ጉንጩ ካበጠ ከአራት እስከ ስምንት ቀን በኋላ። የተጎዳው ፍሬ ብዙ ጊዜ ይኮማተራል፤ ፈጽሞ መካን መሆን ግን እምብዛም አያጋጥምም። የጆሮ ደግፍ ክትባት በኢትዮጵያ መደበኛ የክትባት መርሐ ግብር ውስጥ ስላልገባ ይህ ሕመም የትናንት ታሪክ አልሆነም። ሁለተኛው ቲቢ ነው። ኢትዮጵያ ቲቢ ከሚበዛባቸው የዓለም 30 አገሮች አንዷ ናት። የዘር ቲቢ በዝግታ የሚመጣ፣ እምብዛም የማያም፣ ከኤፒዲዲሚሱ ጭራ የሚነሣ ጠጣር እብጠት ነው፤ በስክሪኑ ጎርበጥባጣና የካልሲየም ጠጠር የሚያበራበት ሆኖ ይታያል፤ ሲቆይ ቆዳውን በስቶ ይፈሳል። ለሁለት ሳምንት አንቲባዮቲክ ወስዶ ያልተሻለውን ሰው ሁሉ በዚህ መጠርጠር ይገባል። ሦስተኛው ብሩሴሎሲስ ነው። ከብት የሚያረባና ያልፈላ ወተት የሚጠጣ ሰው ትኩሳት፣ የወገብ ሕመምና የፍሬ እብጠት አንድ ላይ ከመጡበት አልትራሳውንዱ መቆጣቱን ያሳያል እንጂ ስሙን አይነግርም፤ ስሙን የሚነግረው የከብቱን ነገር የጠየቀ ሐኪምና የደም ምርመራ ነው።

አልትራሳውንድ ባልደረሰበት ጤና ጣቢያ የሚሠራው በመመሪያ ነው። የዓለም ጤና ድርጅት ላቦራቶሪ ለሌላቸው አገሮች ያዘጋጀውን በምልክት ላይ የተመሠረተ የአባላዘር በሽታ ሕክምና ኢትዮጵያም ተቀብላ በብሔራዊ መመሪያዋ አካታለች፤ የከረጢት እብጠት ከተዘረዘሩት ምልክቶች አንዱ ነው። ባለሙያው ታሪክ ይጠይቃል፣ ይዳስሳል፤ ፍሬው ከፍ ብሎ ወይም ዞሮ ከሆነ፣ ወይም የመመታት ታሪክ ካለ፣ በሽተኛውን ወዲያውኑ ወደ ቀዶ ሕክምና ይልካል፤ ካልሆነ ለጨብጥና ለክላሚዲያ መድኃኒት አንድ ላይ ይሰጠዋል፣ የትዳር ጓደኛውንም እንዲያመጣ ይነግረዋል። መመሪያው ብዙ ሰው አድኗል፤ ግን በጭፍን የሚሰጥ መድኃኒት ዋጋ አለው። እ.ኤ.አ. በ2013 ከሰሜን ምዕራብ ኢትዮጵያ የታተመ ጥናት፣ ለጨብጥ ይሰጡ የነበሩት የኩዊኖሎን መድኃኒቶች የማይበግሩት ባክቴሪያ በአካባቢው እንዳለ አሳይቷል። መድኃኒቱ ያልሠራለት ሰው ደግሞ ተመልሶ የሚመጣው መግል ከቋጠረ በኋላ ነው።

የዚህ ሁሉ መፈተኛ መንገዱ ነው። በየክረምቱ ከደጋው ብዙ ወጣት ለአረምና ለሰሊጥ አጨዳ ወደ መተማና ሑመራ ይወርዳል። ከቤቱ ርቆ፣ በካምፕ አድሮ፣ ገንዘብ በእጁ ይዞ የሚከርም ወጣት ለአባላዘር በሽታ የተጋለጠ ነው፤ ሲታመምም የሚሄድበት ትልቁ ሆስፒታል ጎንደር ነው። ከመተማ እስከ ጎንደር በጭልጋ በኩል ወደ 200 ኪሎ ሜትር ይጠጋል። በሌላ አቅጣጫ ደባርቅ 100 ኪሎ ሜትር ያህል ትርቃለች፤ ከደባርቅ ወዲያ ያሉት የጃናሞራና የበየዳ ቀበሌዎች ደግሞ አስፋልት ላይ ለመውጣት በእግርና በበቅሎ የሚጓዙ ሰዎች አገር ናቸው። የተጠማዘዘ ፍሬ በስድስት ሰዓት ውስጥ ከተፈታ ከአሥሩ ዘጠኙ ይድናል፤ 24 ሰዓት ካለፈ አብዛኛው ይጠፋል። ሌሊት ሕመም የቀሰቀሰው የበየዳ ልጅ ሳይነጋ ቢነሣ እንኳ ጎንደር ላይ የሚጠብቀው እጅግ ዘመናዊ መሣሪያ የሚያረጋግጥለት የፍሬውን መሞት ብቻ ሊሆን ይችላል። ኢንፌክሽኑን ከመጠማዘዝ መለየት የሚያስፈልገው እንግዲህ መንገዱ ከመጀመሩ በፊት፣ በወረዳው ነው።

ለዚህ የሚሆን መነሻ አለ። ባለፉት ዓመታት በእጅ የሚያዝ አልትራሳውንድ ወደ ጤና ጣቢያዎች ወርዶ፣ አዋላጅ ነርሶች የጽንስን አቀማመጥ፣ የልብ ምትና የእንግዴ ልጅን ቦታ እንዲያዩበት ሠልጥነዋል። ትምህርቱ በአጭር ጊዜ የሚሰጥና ጥያቄው የተወሰነ ነው፤ መንታ ነው አይደለም፣ ራሱ ወደ ታች ነው አይደለም። በፍሬውም ላይ የሚጠየቀው ጥያቄ እንዲሁ አጭር ነው፤ ደም አለ ወይስ የለም፣ ሁለቱ ወገን እኩል ነው ወይስ አይደለም። አዲሶቹ አነስተኛ መሣሪያዎች አንዳንዶቹ ከጎበጠው ጋር ቀጥ ያለውንም ፕሮብ ይዘው ይመጣሉ፤ ዶፕለሩም አብሮ አለ። የሚቀረው ሥልጠናው ነው፤ ሲያጠራጥር ምስል ሳይጠብቁ መላክ እንደሚገባ የሚያስተምረውን ሕግ ጨምሮ። ለዞንና ለወረዳ ሆስፒታሎች መሣሪያ የሚገዙ ሰዎች ከጽንስ ፕሮቡ ጋር ሊኒየር ፕሮቡንና ዶፕለሩን በዝርዝራቸው ያስገቡ። ፍሬው በድንገት ያመመው ልጅ ወይም ጎልማሳ ደግሞ እስኪነጋ አይጠብቅ፣ አይፈር፤ በዚያው ሰዓት ወደሚቀርበው ጤና ተቋም ይሂድ።